2,000 ካሎሪ ከየት መጣ?

የዛሬው ረዘም ይላል። ወረፋ ላይ ያላችሁ ሾፌሮች ጊዜ አላችሁ፤ ሌሎቻችሁ ሻይ ይዛችሁ ተቀመጡ። የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ሰሞኑን ኤርፖርት ታክሲ ማቆሚያ ላይ ሁለት ወንድሞቻችን ሲከራከሩ ሰማሁ። አንዱ ሐኪሙ የደም ግፊት አለብህ ካለው ወዲህ የምግብ ዕሽግ ጀርባ ማንበብ ጀምሯል። «መንግሥት በቀን 2,000 ካሎሪ ብሉ ብሎ ወስኗል፣ ይኸው ተጽፏል» ይላል። ሌላው ደግሞ የሚበላውን ሁሉ ደምሮ ብረት መቶ በመቶ አልሞላልኝም ብሎ አንድ ትልቅ ብልቃጥ የብረት ኪኒን ገዝቷል። ማንበባቸው የሚያስመሰግናቸው ነው። ግን ያቺ ጥቁርና ነጭ ሳጥን እንደ አንድ ሰነድ ትምሰል እንጂ ውስጧ ያሉት ቁጥሮች ከተለያየ ዘመንና ከተለያየ ጉዳይ የመጡ ናቸው።

በድሮ ሙያዬ መሐንዲስ ነኝ። መሐንዲስ አንድ ቁጥር ሲሰጡት መጀመሪያ የሚጠይቀው ይህ የተለካ ነው፣ መጠባበቂያ የተጨመረበት ነው፣ ወይስ ሰዎች ተቀምጠው የተስማሙበት ነው ብሎ ነው። ሳጥኗ ላይ ሦስቱም አሉ፤ የትኛው የትኛው እንደሆነ ግን አልተጻፈም።

ከተለካው እንጀምር። ዊልበር አትዋተር የሚባል አሜሪካዊ ኬሚስት ነበር። ጀርመን ሄዶ ሙኒክ ውስጥ ከካርል ፎይት ዘንድ ተምሯል። በ1890ዎቹ ኮነቲከት ግዛት ሚድልታውን ከተማ ውስጥ፣ ዌስሊያን ዩኒቨርሲቲ፣ ኤድዋርድ ሮዛ ከሚባል የፊዚክስ ሰው ጋር ሆኖ ሰው የሚገባበት ሳጥን ሠራ። ጠባብ ክፍል ናት፤ አልጋ፣ ወንበርና ጠረጴዛ ብቻ የምትይዝ። ሰውዬው ለቀናት እዚያ ውስጥ ይበላል፣ ይተኛል፣ ሲታዘዝ ደግሞ ብስክሌት ይረግጣል። በግድግዳው ውስጥ በሚዞር የውሃ ቧንቧ ሰውነቱ የሚያወጣው ሙቀት ይለካል። የሚተነፍሰው አየር ይለካል። የገባው ምግብና የወጣው ሁሉ ይመዘናል። ውጤቱ፦ በምግብ የገባው ኃይል በሙቀትና በሥራ ከሚወጣው ኃይል ጋር ይመጣጠናል። ሞተር ላይ የሚሠራው ሕግ ሰው ላይም ይሠራል ማለት ነው።

ከዚያ ሥራ የተገኙት ሦስት ቁጥሮች እስከ ዛሬ እያንዳንዱ ዕሽግ ላይ አሉ። አንድ ግራም ካርቦሃይድሬት 4 ካሎሪ፣ አንድ ግራም ፕሮቲን 4፣ አንድ ግራም ስብ 9። ራሳችሁ መፈተሽ ትችላላችሁ። ስብ 8 ግራም፣ ካርቦሃይድሬት 37፣ ፕሮቲን 3 የሚል ሌብል ቢኖር 72 ሲደመር 148 ሲደመር 12፣ 232 ይመጣል። ዕሽጉ ግን 230 ይላል፤ ሕጉ ከ50 ካሎሪ በላይ ሲሆን ወደ ቅርቡ አሥር አጠጋጉ ስለሚል ነው። በዚያ ላይ ቁጥጥሩ እስከ 20 በመቶ የሚደርስ ልዩነትን ይታገሳል። ስለዚህ እስከ መጨረሻዋ ካሎሪ ድረስ የምትደምሩ ሰዎች፣ ሚዛኑ ራሱ እንደዚያ ጥንቁቅ አይደለም።

አትዋተር ካሎሪ ሲቆጥር ያልቆጠረው ነገር ነበር። ቫይታሚን ገና አልታወቀም፤ ስሙ ራሱ የወጣለት በ1912 ነው። ስለዚህ ሰውዬው ለድሃ ሠራተኛ የሚመክረው ብርቱካንና ጎመን ላይ ገንዘብህን አታጥፋ፣ በዚያው ዋጋ ባቄላና ዱቄት ብዙ ካሎሪ ታገኛለህ ብሎ ነበር። ስሌቱ ትክክል ነው፤ የጎደለው የሒሳቡ ዓምድ ነው። (በነገራችን ላይ አልኮልም እንደ ምግብ ኃይል ይሰጣል ብሎ ሲያሳትም መጠጥ ተቃዋሚዎች ዘመቱበት፣ መጠጥ ሻጮች ደግሞ ደስ አላቸው። ሳይንቲስት ሆኖ ማንንም አለማስቀየም ያኔም አይቻልም ነበር።)

በዚያው ሰሞን፣ በ1906፣ አሜሪካ የመጀመሪያውን ትልቅ የምግብና የመድኃኒት ሕግ አወጣች። እሱ ግን ስለ መርዝና ስለ ማጭበርበር እንጂ ምግቡ ውስጥ ምን ያህል ምን አለ ስለሚለው አልነበረም። አልፈዋለሁ።

አሁን ወደ ሁለተኛው ዓይነት ቁጥር፣ መጠባበቂያ ወደተጨመረበት። ይህ የጦርነት ልጅ ነው። 1940 ላይ አውሮፓ እየነደደ ነው፣ አሜሪካ ወታደር መመልመል ጀምራለች፤ ከተመልማዮቹ ውስጥ ብዙዎቹ በጤና ምክንያት ውድቅ ሆኑ። መንግሥት ሕዝቡ ምን ያህል መብላት አለበት ብሎ ጠየቀ። ሥራው በዋናነት የወደቀው በሦስት ሴቶች ትከሻ ላይ ነው፦ የቺካጎ ዩኒቨርሲቲዋ ሊዲያ ሮበርትስ፣ የግብርና ሚኒስቴሯ ሄዘል ስቲብሊንግ እና ሔለን ሚቸል። ያለውን ጥናት ሁሉ ሰበሰቡ፣ ለባለሙያዎች ላኩ፣ አስተያየት ተቀበሉ፣ አስተካከሉ። በግንቦት 1941 ሩዝቬልት በጠሩት የአገር መከላከያ የሥነ ምግብ ጉባኤ ላይ ሰንጠረዡ ቀረበ። ካሎሪ፣ ፕሮቲን፣ ሁለት ማዕድንና ስድስት ቫይታሚን።

እነዚህ ሴቶች ቃል ሲመርጡ ያደረጉትን ጥንቃቄ አደንቃለሁ። «መስፈርት» አላሉም፣ «ግዴታ የሚያስፈልግ መጠን» አላሉም። የመረጡት ቃል «የሚመከር መመደቢያ» እንደ ማለት ነው። ሳይንሱ ገና ስለሆነ ነገ ይለወጣል፣ እንደ ድንጋይ ጽላት አትያዙት ለማለት ነው። ቁጥሩም ልክ ለአማካይ ሰው የሚበቃው አይደለም፤ ከዚያ ከፍ ተደርጎ ነው የተቀመጠው።

ድልድይ የሠራችሁ ታውቁታላችሁ። ድልድዩ 20 ቶን ይሸከማል ተብሎ ሲጻፍ በ21ኛው ቶን ይፈርሳል ማለት አይደለም፤ መጠባበቂያ አለው። የሚመከረው የቫይታሚን መጠንም እንደዚያ ነው። የዛሬው አሠራር መጀመሪያ ለግማሹ ጤነኛ ሰው የሚበቃውን መጠን ያገኛል፤ ከዚያ በሰውና በሰው መካከል ያለውን ልዩነት አስልቶ 97 ወይም 98 ከመቶ ጤነኛ ሰዎችን እስኪሸፍን ድረስ ከፍ ያደርገዋል። ይህ ማለት አብዛኛው ሰው ከተጻፈው በታች አግኝቶም ምንም አልጎደለውም ማለት ነው። በአንድ ቀን 70 በመቶ ስለሞላችሁ ታመማችሁ ማለት አይደለም። ቁጥሩ የተሠራው ለሕዝብ ዕቅድ ነው።

ካሎሪ ላይ ግን መጠባበቂያ አይጨመርም፤ ይህን ብዙ ሰው አያውቀውም። ቫይታሚን ሲ ቢተርፍ በሽንት ይወጣል። ካሎሪ ቢተርፍ ሆድ ላይ ይቀመጣል። ስለዚህ የካሎሪው ምክር በአማካዩ ላይ ይቆማል። አንድ ሳጥን፣ ሁለት የተለያየ የስሌት ፍልስፍና።

ጓደኛችን የብረት ኪኒን ያስገዛው ቁጥርም የመጣው ከዚሁ መንገድ ነው። ሌብሉ ላይ መቶ በመቶ የሚባለው ብረት 18 ሚሊግራም ነው። ይህ መጠን የተወሰደው ከ19 እስከ 50 ዓመት ላለች ሴት ከሚመከረው ነው፤ በወር አበባ ደም ስለምታጣ። ለአዋቂ ወንድ የሚመከረው 8 ሚሊግራም ብቻ ነው። ሒሳቡን ሥሩት፦ ለወንድ፣ ሌብሉ ላይ 45 በመቶ ሲደርስ ሞልቷል። ለነፍሰ ጡር ደግሞ የሚመከረው 27 ነው፣ ስለዚህ መቶ በመቶው አይበቃትም። አንድ ቁጥር ለባልም ለሚስትም ሲሰጥ እንዲህ ነው የሚሆነው። ሰውነታችን ደግሞ የተረፈ ብረትን ማስወጫ በቂ መንገድ የለውም። የደም ምርመራ ሳታደርጉና ሐኪም ሳትጠይቁ ብልቃጥ አትግዙ፤ ትንንሽ ልጆች ያላችሁ ደግሞ የብረት ኪኒን ለሕፃን አደገኛ መርዝ መሆኑን አትርሱ፤ እጃቸው የማይደርስበት ቦታ አስቀምጡ።

ብረት ካልን አገራችንን ላንሳ። ያ የጦርነት ጊዜ ሥራ ከጦርነቱ በኋላ አላቆመም። በ1955 አሜሪካ ለወዳጅ አገሮች ጦር የአመጋገብ ጥናት የሚያደርግ፣ ከብዙ መሥሪያ ቤቶች የተውጣጣ ኮሚቴ አቋቋመች። ቡድኑ በ1958 ኢትዮጵያ መጣ፣ ወታደሩንም ሲቪሉንም መረመረ፣ በ1959 ሪፖርቱን አወጣ። ካስደነቋቸው ነገሮች አንዱ የምንበላው ብረት ብዛት ነበር። ጤፍ! ብላችሁ እንዳትፎክሩ፤ በኋላ እንደታወቀው ትልቁ ክፍል ከአውድማው አፈር የመጣ ነው። በበሬ እግር ሲወቃ የቀይ አፈር ብረት ከዘሩ ጋር ይደባለቃል፣ ሰውነታችን ደግሞ የአፈሩን ብረት እንደ ሥጋው ብረት አይወስደውም። መለካትና መጠቀም ለየቅል ናቸው።

እኔ ዕድሜ ያላችሁ ደግሞ ፋፋን ታስታውሳላችሁ። በ1960ዎቹ በስዊድን እርዳታ የተቋቋመው የሕፃናት ሥነ ምግብ ክፍል ያወጣው ዱቄት ነው፤ ስንዴ፣ ሽምብራ፣ የወተት ዱቄት፣ ቫይታሚንና ማዕድን። እነዚያ የፈረንጅ ሰንጠረዦች በአማርኛ ስም ተጠርተው ወደ ገንፎ ድስታችን የገቡት በዚያ ነበር።

ወደ አሜሪካ ልመለስ፤ ዋናው ድራማ ገና ነው። ሰንጠረዡ 1941 ላይ ቢወጣም ዕሽግ ላይ አልወጣም። በ1973 ኤፍዲኤ ደንብ አወጣ፣ ግን በፈቃደኝነት ነበር፤ የሚገደደው ቫይታሚን የጨመረ ወይም ስለ ምግቡ ጥቅም ያወራ ብቻ። ከዚያ 1984 ላይ ኬሎግ ከብሔራዊ የካንሰር ተቋም ጋር ሆኖ አሰር የበዛበት ቁርስ ካንሰርን ለመከላከል ሊረዳ ይችላል የሚል መልእክት የኦል ብራን ካርቶን ላይ አወጣ። ሽያጩ ጨመረ። ያየ ሁሉ ተከተለ። «ላይት»፣ «ኮሌስትሮል የለሽ»፣ «ለልብ ተስማሚ»። ኮሌስትሮል ኖሮት የማያውቅ የአትክልት ዘይት ሁሉ ኮሌስትሮል የለሽ ተባለ። የጤና ሚኒስትሩ ሉዊስ ሱሊቫን ሱፐርማርኬቱን ከባቢሎን ግንብ ጋር አመሳሰሉት።

ኅዳር 8 ቀን 1990 ፕሬዚዳንት ጆርጅ ቡሽ፣ አባትየው፣ ሌብሉን ግዴታ የሚያደርገውን ሕግ ፈረሙ። በዚያው ሰሞን ዴቪድ ኬስለር የሚባል ሐኪምም ሕግ አዋቂም የሆነ ሰው የኤፍዲኤ ኃላፊ ሆነ። በ1991 ከተጠራቀመ ጭማቂ ተበጥብጦ «ፍሬሽ» የሚል ስም የተሰጠውን የሲትረስ ሂል ብርቱካን ጭማቂ ከመጋዘን አስያዘ። ኩባንያዎች ሁሉ ቀልድ እንዳልሆነ ገባቸው።

እንግዲህ ሦስተኛው ዓይነት ቁጥር፣ የተስማሙበት። በመቶኛ ለመጻፍ «ከስንት?» የሚለው መታወቅ አለበት። ኤፍዲኤ መጀመሪያ ያቀረበው 2,350 ካሎሪ ነበር፣ ለሕዝቡ አማካይ ተብሎ የተሰላ። ተቃውሞ መጣ። ቁጥሩ ከፍ ያለ ነው፣ ሰዎች ብዙ እንዲበሉ ይጋብዛል፣ ለሴቶችና ለአረጋውያን አይሆንም፣ ደግሞም ለማስላት አይመችም ተባለ። ስለዚህ ወደ 2,000 ወረደ። ክብ ቁጥር ስለሆነ፣ ከልክ በላይ ለመብላት ለተጋለጡት ስለሚቀርብ። ማንም በሳጥን ውስጥ ተኝቶ አልተለካም።

የግብርና ሚኒስቴር ግን አልተቀበለውም። ሥጋና ዶሮ የሚቆጣጠረው እሱ ነው፣ የሥጋ ኢንዱስትሪው ደግሞ ከኋላው ቆሟል። ለምን እንደሚያስጨንቃቸው በቁጥር ላሳያችሁ። አንድ በርገር 20 ግራም ስብ አለው እንበል። በ2,000 ካሎሪ መነሻ የቀኑ ስብ በዚያን ጊዜ ስሌት 65 ግራም ነው፤ በርገሩ 31 በመቶ ይሆናል። መነሻውን 2,500 ብታደርጉት የቀኑ ስብ 80 ግራም ይሆንና ያው በርገር ወደ 25 በመቶ ይወርዳል። አንዲት የሥጋ ቅንጣት ሳትነሳ! ሁለቱ ሚኒስቴሮች መስማማት አቃታቸው፤ ጉዳዩ ኋይት ሐውስ ገባ። ቡሽ በኅዳር 1992 ምርጫ ተሸንፈው ሊወጡ ሳምንታት ሲቀራቸው፣ በታኅሣሥ መጀመሪያ ላይ ለጤና ሚኒስቴር ፈረዱ። ማስታረቂያውም ነበረው፦ መቶኛው በ2,000 ይሰላ፣ ከሥር ግን በትንሽ ጽሑፍ 2,500ም ይጻፍ። ያ የግርጌ ሰንጠረዥ ለሃያ ዓመት በላይ በየዕሽጉ ላይ የተቀመጠው ለእኛ ትምህርት ብቻ ሳይሆን ለሁለት ባለሥልጣናት ዕርቅ ነው። መንግሥት 2,000 ብሉ አላለም። ይህን ማመሳከሪያ እንጠቀም ብለው ነው የተስማሙት። ቀኑን ሙሉ መሪ ይዞ የሚቀመጥ ሰውና ቀኑን ሙሉ ሲሚንቶ የሚሸከም ሰው አንድ ቁጥር ሊኖራቸው አይችልም።

ሳጥኗን የነደፈው በርኪ ቤልሰር ነው፣ እዚሁ ዋሽንግተን ዲሲ የሚሠራ የግራፊክ ባለሙያ፣ በ2023 ያረፈ። ፍሪጅና ማጠቢያ ማሽን ላይ የሚለጠፈውን ቢጫውን የኤሌክትሪክ ፍጆታ ሌብልም የነደፈ እሱ ነው። ጥቁር መስመር፣ ሄልቬቲካ ፊደል፣ ዙሪያውን አጥር። አጥሩ የተደረገው አምራቹ ማስታወቂያውን እየገፋ እንዳይገባበት ነው። በግንቦት 1994 ሳጥኗ በየመደርደሪያው ግዴታ ሆነች። ኤፍዲኤ ዛሬ ዋና ግቢው ኋይት ኦክ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው፤ ማለትም ብዙዎቻችሁ እንጀራ ከምትገዙበት ሰፈር ብዙም አይርቅም።

ስለ እንጀራ ካነሳሁ፣ ብዙ ጊዜ የምትጠይቁኝ ነገር አለ፤ የሐበሻ መደብር እንጀራ ለምን አንዳንዴ ሌብል የለውም? ሕጉ ከመጀመሪያው ለትንንሽ ነጋዴዎች ነፃነት ሰጥቷል፤ ሽያጩ ከተወሰነ መጠን በታች የሆነ አምራች ከሳጥኗ ነፃ ሊሆን ይችላል። ግን ዕሽጉ ላይ «ብረት የበዛበት» ብሎ ከጻፈ ነፃነቱ ይቀራል። ስላስተዋወቅክ አሳይ ማለት ነው፣ ፍትሐዊ ይመስለኛል።

አሁን ለግፊቱ ወንድማችን። ሳጥኗ ውስጥ ትልቁ ግራ የሚያጋባ ነገር ወለልና ጣሪያ አንድ ላይ መጻፋቸው ነው። ለካልሲየም፣ ለፖታሲየም፣ ለአሰር መቶ በመቶ ማለት እዚህ ድረስ ለመድረስ ሞክሩ ነው። ለሶዲየም፣ ለሳቹሬትድ ስብ፣ ለተጨመረ ስኳር መቶ በመቶ ማለት ከዚህ አትለፉ ነው። ፊደሉ አንድ፣ ምልክቱ አንድ፣ ትርጉሙ ተቃራኒ። የሶዲየም ጣሪያ 2,300 ሚሊግራም ነው፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው ያህል። የታሸገ ሾርባ ሶዲየም 890 ሚሊግራም፣ 39 በመቶ ቢል ደህና ይመስላል። ከላይ ግን «ሁለት ሰርቪንግ» ይላል። ጣሳውን ሙሉ ከጠጣችሁት፣ ማን ደግሞ ግማሽ ጣሳ ይጠጣል፣ 1,780 ነው፣ 77 በመቶ። እራት ገና አልተበላም። 5 በመቶና ከዚያ በታች ትንሽ፣ 20 እና ከዚያ በላይ ብዙ የሚለውን መያዝ ይበቃል።

ሰርቪንግ ማለት ብሉ የተባለው መጠን አይደለም። ሕጉ የሚያዘው ሰዎች በልማድ የሚበሉትን እንዲጽፉ ነው። በ2016 ደንቡ ሲታደስ አይስክሬም ከግማሽ ኩባያ ወደ ሁለት ሦስተኛ ያደገው ጤናማ ስለሆነ ሳይሆን ሰው እንደዚያ ስለሚበላ ነው። ዜሮም ዜሮ አይደለም። ቲክ ታክ ለብዙ ዘመን «ስኳር 0 ግራም» እያለ ተሸጧል፤ አንዷ ፍሬ ከግማሽ ግራም በታች ስለሆነች ነው እንጂ በአብዛኛው ስኳር ናት። መጥበሻ ላይ የሚረጨው ዘይትም ሰርቪንጉ የሩብ ሴኮንድ እርጭታ ስለሆነ ካሎሪው ዜሮ ነው። የሩብ ሴኮንድ እርጭታ ለማድረግ ሞክሩ እስቲ።

አውሮፓ ያላችሁ ደግሞ ሶዲየም ስትፈልጉ አታገኙም፣ የተጻፈው ጨው ነው። ሶዲየሙን በ2.5 አባዝተው ነው የሚጽፉት። እዚያ በ100 ግራም መጻፍ ግዴታ ስለሆነ ሁለት ዕቃ ለማወዳደር ከእኛው ይሻላል። ዱባይና ሪያድ ያላችሁ የሁለቱንም አገር ዕቃ አንድ መደርደሪያ ላይ ስለምታገኙ ከማወዳደራችሁ በፊት የቱ እንደሆነ እዩ።

አንድ ቁጥር ሳላነሳ ማለፍ አልፈልግም። በሱዳን ወይም በኬንያ ካምፕ ያለፋችሁ ወገኖች ታውቁታላችሁ። የዓለም ምግብ ፕሮግራምና የስደተኞች ኮሚሽን ለአስቸኳይ ራሽን ዕቅድ የሚይዙት ቁጥር ለአንድ ሰው በቀን 2,100 ካሎሪ ነው። ይህም የሕፃኑም የአረጋዊውም የጎልማሳውም አማካይ ነው፣ ገንዘብ ሲያጥር ደግሞ የሚታደለው ከዚያ ይቀነሳል። እዚያ መስመር ላይ የቆመ ሰው ቁጥሩን የሚያየው ከሥር ወደ ላይ ነው፤ እኛ እዚህ ከላይ ወደ ታች። መቶ ካሎሪ ብቻ ነው ልዩነቱ።

አሁን ደግሞ አዲስ ክርክር አለ። በጥር 2025 ኤፍዲኤ ከዕሽጉ ጀርባ ሳይሆን ፊት ለፊት የምትለጠፍ ትንሽ ሳጥን ሐሳብ አቅርቧል። ሦስት ነገር ብቻ፦ ሳቹሬትድ ስብ፣ ሶዲየም፣ የተጨመረ ስኳር። አጠገባቸው ዝቅተኛ፣ መካከለኛ ወይም ከፍተኛ የሚል ቃል። 5 እና ከዚያ በታች ዝቅተኛ፣ 20 እና ከዚያ በላይ ከፍተኛ። የሚሰላው አሁንም በሰርቪንግ ነው፤ ስለዚህ ያ የሾርባ ጣሳ «ከፍተኛ» ይባላል፣ ሰርቪንጉ ትንሽ የሆነ ሌላ ዕቃ ግን «ዝቅተኛ» ሊባል ይችላል። መስመሩ 20 ላይ ይሁን ወይስ ሌላ ቦታ የሚለው ላይ ነው እንግዲህ የሚጣሉት። ማቀዝቀዣችሁ ውስጥ ያለ ግራ የገባችሁ ሌብል ካለ ፎቶውን ኮሜንት ላይ አድርጉልኝ፣ አብረን እንሥራው።